ኳሷን ቀልቧል፤ ግን ይዟል ወይ?

የደረሰኝ ጥያቄ ይህ ነው፦

«ሰላም። የምንኖረው ሜሪላንድ ነው። ልጄ 13 ዓመቱ ነው። በመኸር አሜሪካን ፉትቦል፣ በጸደይ ቤዝቦል ይጫወታል። ባለፈው ኦክቶበር የተወረወረለትን ኳስ ዘሎ ቀለበ። ደረቱ ላይ አቅፎ በጎኑ ወደቀ። መሬት ሲመታ ኳሷ አመለጠችው። ዳኛው አልተያዘም አለ። በዚህ ሜይ ደግሞ ቤዝቦል ላይ ወደ ሰማይ የተመታች ኳስ ሮጦ በጓንቱ ቀለበ። ሊወረውራት ከጓንቱ ሲያወጣት ከእጁ ወደቀች። ዳኛው ተይዟል፣ መቺው አውት ነው፣ ተራው አልቋል አለ። ሁለቱም ጊዜ ኳሷ መጨረሻ ላይ መሬት ነች። ባለቤቴ ዳኞቹ ደስ እንዳላቸው ነው የሚፈርዱት ይላል። ልጄ የፉትቦሉን እስካሁን አልረሳውም። ሕጉ ምን ይላል?»

እኅቴ፣ እንደነገሩኝ ከሆነ ሁለቱም ዳኞች ትክክል ናቸው። ልጅዎም ሁለቱም ጊዜ ጥሩ ነው የተጫወተው። በመኸር ዓርብ ማታ የሃይስኩል ፉትቦል፣ በጸደይ ቅዳሜና እሑድ የልጆች ቤዝቦል አጫውታለሁ። ይህን ጥያቄ ከአጥር ማዶ በየሳምንቱ እሰማዋለሁ። ብዙ ጊዜ የምሰማው በጩኸት ስለሆነ እንዲህ በጽሑፍ ሲመጣ ደስ ብሎኛል፤ ረጋ ብዬ ልመልስ።

ከቋንቋችን ልጀምር። እኛ መቅለብ አለን፣ መያዝም አለን። አንድ ሰው ቁልፍ ሲወረውርልዎት «ቅለቢ!» ይልዎታል። ቁልፉ እጅዎ ውስጥ ከገባ ቀልበዋል። በጣቶችዎ መሃል ሾልኮ ከወደቀ ግን «ያዝኩት» አይሉም። ቅልብልቦሽ የተጫወተ ሰው ይህን ማንም ሳያስተምረው ያውቃል። ጠጠሩ እጅ ላይ አርፎ ከተንከባለለ ተራው አለፈ። «ነክቶኝ ነበር እኮ» ብሎ መከራከር አያዋጣም። እንግሊዝኛው ግን ለሁለቱም «ካች» ነው የሚለው። የሁለቱም ስፖርቶች የሕግ መጻሕፍት ያቺን አንዲት ቃል ለማብራራት ብዙ መስመር የሚፈጁት ለዚህ ይመስለኛል። ሁለቱም መጻሕፍት የሚጠይቁት መያዙን ነው። መቅለቡ ብቻውን አይበቃም።

ልዩነታቸው መያዙን በምን እንወቅ የሚለው ላይ ነው። ፉትቦል ኳሷን ሳይለቅ መቆየቱን ያያል። ቤዝቦል ደግሞ ሲለቃት ራሱ ፈልጎ መልቀቁን ያያል። የልጅዎ ሁለት ፍርዶች የተለያዩት እዚህ ጋ ነው።

የልጁ ቅሬታ ፉትቦሉ ላይ ስለሆነ እሱን ላስቀድም። የፕሮፌሽናሉ ሊግ፣ የኤንኤፍኤል፣ ሕግ ዛሬ ሦስት ነገር ይፈልጋል። ተቀባዩ ኳሷ መሬት ሳትነካ በእጁ ወይም በክንዱ መቆጣጠር አለበት። ከዚያ በሁለት እግሩ፣ ወይም ከእጁ በቀር በሌላ የሰውነቱ ክፍል፣ ሜዳው ውስጥ መሬት መንካት አለበት። ጉልበት፣ ክርን፣ መቀመጫ ይቆጠራል። በመጨረሻ ኳሱን ይዞ የሚጫወት ሰው የሚያደርገውን አንድ ነገር ማድረግ አለበት። አንድ እርምጃ መጨመር፣ ኳሷን ብብት ሥር መሸጎጥ፣ ወደ ፊት መዘርጋት፣ መዞር፣ ተከላካይን መግፋት። ባያደርግ እንኳ ይህን ለማድረግ ለሚበቃ ጊዜ ኳሷ ከእጁ መውጣት የለባትም።

ሕዝብ የሚጨቃጨቀው በሦስተኛው ነው። «ሁለት እጅ፣ ሁለት እግር፣ ምን ቀረ?» ይላሉ። የቀረው ጊዜ ነው። ሕጉ ጊዜ የሚፈልግበት ምክንያት ደግሞ ክፋት አይደለም። በፉትቦል የተወረወረች ኳስ ሳትያዝ መሬት ከነካች ጨዋታው እዚያው ይቆማል። ኪሳራው ብዙ ጊዜ አንድ ሙከራ ነው፤ ቡድኑ ኳሷን ወደ ፊት ለማስኬድ ካሉት ዕድሎች አንዱ ማለት ነው። ተቀባዩ ከያዛት በኋላ ከጣላት ግን ፈምብል ይባላል። ጨዋታው አይቆምም። ተጋጣሚው አንስቷት ወደ ሌላኛው ጫፍ መሮጥ ይችላል። እንግዲህ ኳሷ ጣት እንደነካች «ይዟል» የምንል ቢሆን ምን ይመጣል? ተቀባዩ ገና ዓይኑን ከኳሷ ሳይነቅል ተከላካይ ይመታዋል፤ የወደቀችው ሁሉ ፈምብል ትሆናለች። ልጁ ራሱን ለመከላከል እንኳ ያልተዘጋጀበት ቅጽበት ቡድኑን ኳስ ያሳጣዋል። ሕጉ ሲጠብቅ ተቀባዩን እየጠበቀው ነው። ይህን ለልጅዎ ቢነግሩት ደስ ይለኛል። በእሱ ላይ የሠራው ሕግ በሌላ ቀን የሚያድነው ሕግ ነው።

እርግጥ ነው፣ ሕጉ መጠኑን ያለፈበት ዘመን ነበር። ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።

ሴፕቴምበር 12 ቀን 2010። ቺካጎ፣ ሶልጀር ፊልድ። ዲትሮይት ላየንስ በቺካጎ ቤርስ 19 ለ 14 እየተመራ ነው። የቀረው ከግማሽ ደቂቃ ያነሰ ነው። የዲትሮይት ኳስ ወርዋሪ (ኳርተርባክ) ሾን ሂል ወደ ኤንድ ዞኑ፣ ነጥብ ወደሚቆጠርበት የሜዳው ጫፍ፣ ከፍ አድርጎ ይወረውራል። ካልቪን ጆንሰን ከተከላካዩ በላይ ዘሎ ኳሷን ይቀልባል። ሁለት እግሩ ሜዳ ውስጥ ያርፋል። ከዚያ ይወድቃል፤ መቀመጫው መሬት ይነካል። ይገለበጣል። በአንድ መዳፉ የያዛትን ኳስ መሬት ላይ ተደግፎባት እንደሚነሳ ሰው ያደርጋል፤ ኳሷ ከእጁ ትወጣለች። እሱ ግን ሊጨፍር ነው የተነሳው። ዳኞቹ ተማከሩ። ሪፕሌይ (የቪዲዮ ድጋሚ እይታ) ታየ። አልተያዘም ተባለ። ዲትሮይት ተሸነፈ።

እኔ ያንን ቪዲዮ ስንት ጊዜ እንዳየሁት አላውቅም። በዚያን ጊዜ በነበረው ሕግ ፍርዱ ትክክል ነበር። ሕጉ ተቀባዩ እየቀለበ የሚወድቅ ከሆነ ውድቀቱ እስኪያበቃ ድረስ ኳሷን መቆጣጠር አለበት ይል ነበር። ሁለት እግሩ፣ ጉልበቱ፣ የፈለገው ይንካ፤ ውድቀቱ ካላበቃ መያዙ አላበቃም። በወረቀት ላይ ግልጽ ነው። ሜዳ ላይ ግን ዓይን ያየው ሌላ፣ ወረቀቱ የሚለው ሌላ ሆነ።

ጃንዋሪ 11 ቀን 2015 ደግሞ በግሪን ቤይ፣ በላምቦ ፊልድ ተደገመ። የዳላስ ካውቦይሱ ዴዝ ብራያንት በአራተኛው ሙከራ ከቶኒ ሮሞ የተላከችለትን ኳስ ከተከላካዩ በላይ ቀለበ። እርምጃ ረገጠ፤ እየወደቀ ኳሷን ወደ ጎል መስመሩ ዘረጋ። ክንዱ መሬት ሲመታ ኳሷ ዘላ ወጣች። ሜዳ ላይ ተይዟል ተባለ። የግሪን ቤይ አሠልጣኝ ማይክ ማካርቲ ሪፕሌይ ጠየቀ። ፍርዱ ተገለበጠ። ጨዋታው በግሪን ቤይ 26 ለ 21 አሸናፊነት አለቀ። ካልቪን ጆንሰንንም ዴዝ ብራያንትንም የዳኘው ዋና ዳኛ ጂን ስቴራቶር ነው። እንደ ዳኛ ሳስበው ያሳዝነኛል። ሰውየው ሁለቱንም ጊዜ የተጻፈውን ሕግ ነው ያስፈጸመው፤ ስሙ ግን ከሁለት የተገፈፉ ደስታዎች ጋር ተያይዞ ቀረ።

ዲሴምበር 17 ቀን 2017 ፒትስበርግ ላይ የስቲለርሱ ጄሲ ጄምስ ቀልቦ፣ በጉልበቱ ወርዶ፣ ኳሷን መስመሩን አሻግሮ ሲዘረጋ መሬት ላይ ተነቃነቀችበት። ታችዳውኑ (ኳሷን ኤንድ ዞን በማድረስ የሚገኘው ነጥብ) ተሰረዘ። ኒው ኢንግላንድ 27 ለ 24 አሸነፈ። ይሄኛው የግመሏን ወገብ የሰበረው ጭነት ሆነ። በማርች 2018 የቡድን ባለቤቶቹ 32 ለ 0 በሆነ ድምፅ ሕጉን ቀየሩ። መውደቅን የሚመለከተው ልዩ መስፈርት ወጣ። በምትኩ ከላይ የነገርኩዎት ሦስቱ ነገሮች ገቡ። ዴዝ ብራያንት ዛሬ ቢሆን ይዟል። ጄሲ ጄምስም ይዟል፤ ኳሷን ወደ መስመሩ መዘርጋቱ ራሱ ሦስተኛውን ያሟላል።

ታዲያ የእርስዎ ልጅ ለምን አልያዘም? ምክንያቱም በአዲሱ ሕግም ቢሆን ሦስተኛውን አላሟላም። ዘሎ ቀለበ፣ ወደቀ፣ መሬት ሲመታ አመለጠችው። በመቅለቡና በመውደቁ መሃል ሌላ ነገር የለም። እርምጃ የለም፣ መዞር የለም፣ መዘርጋት የለም። አየር ላይ ያለ ተቀባይ መሬት ሲደርስ ኳሷ አብራው መድረስና መቆየት አለባት። በዚህ ላይ ኤንኤፍኤልም፣ ኮሌጅም፣ ሃይስኩልም አንድ ናቸው። የኮሌጁ መጽሐፍ እንዲያውም ጥርጣሬ ካለ አልተያዘም በሉ ብሎ ለዳኞች በግልጽ ጽፎላቸዋል።

አንድ ነገር ግን ልጅዎ ቴሌቪዥን አይቶ እንዳይሳሳት። ሁለት እግር የኤንኤፍኤል ነገር ነው። በኮሌጅና በሃይስኩል አንድ እግር ይበቃል። አብዛኛው የልጆች ሊግ የሃይስኩሉን ሕግ ነው የሚከተለው። መስመር ዳር ሲቀልብ አንዱን እግር ሜዳ ውስጥ ማሳረፍ ይለማመድ። ሌላኛው እግሩ ውጭ ከመርገጡ በፊት ማለቴ ነው። መጀመሪያ ውጭ ከነካ የፈለገውን ያህል አጥብቆ ቢይዝ አይቆጠርለትም።

ኳሷ መሬት ነካች ማለት ደግሞ ሁሌ አልተያዘችም ማለት አይደለም። ይህን ብዙ ወላጅ አያውቅም። ጃንዋሪ 23 ቀን 2000 ሴንት ሉዊስ ላይ የታምፓ ቤይ ተጫዋች በርት ኢማኑኤል ተወርውሮ ኳሷን በሁለት እጁ ያዘ። የኳሷ ጫፍ ሣሩን ነካ። አልተነቃነቀችም፤ ግን ነካች ተብሎ ተሰረዘበት። ታምፓ 11 ለ 6 ተሸነፈ። በዚያው ዓመት ሕጉ ተስተካከለ። ተጫዋቹ እስከተቆጣጠራት ድረስ ኳሷ መሬት ብትነካ ችግር የለውም። መሬቱ እንዲይዛት ከረዳው ግን አልያዘም። እኔ ሜዳ ላይ የማየው ይህንኑ ነው። ልጁ ሲወድቅ ፊቱን አላይም። ኳሷ ከእጁ ጋር አብራ ትሄዳለች ወይስ ለብቻዋ ትንቀሳቀሳለች? ዓይኔ እዚያ ላይ ነው።

አሁን ወደ ቤዝቦሉ። እዚህ ሜዳው ሌላ ነው፤ የሚፈለገውም ሌላ ነው። መቺው ኳሷን ወደ ላይ ይመታል። ተከላካዩ መሬት ሳትነካ ከያዛት መቺው አውት ነው። ሕጉ በእጅ ወይም በጓንት አጥብቆ መያዝ ይላል። በኮፍያ፣ በኪስ፣ በልብስ መቅለብ አይቆጠርም። ከዚያ ዋናው ዓረፍተ ነገር ይመጣል። ተከላካዩ ኳሷን ሙሉ በሙሉ መቆጣጠሩን፣ ሲለቃትም በፈቃዱና አስቦ መልቀቁን ለማሳየት ለሚበቃ ጊዜ መያዝ አለበት። ወዲያው ደግሞ እንዲህ ይጨምራል፦ ከያዘ በኋላ ሊወረውር ሲል ከወደቀችበት ተይዛለች ይባል።

ልጅዎ ይኸው ነው። ጓንቱ ውስጥ ገባች። ቆመች። እጁን ከትቶ አወጣት። ያ ማውጣት ራሱ ፈቃዱን ያሳያል። ማንም ሰው ያልያዘውን ነገር ሊወረውር አያወጣም። ከዚያ በኋላ ከጣቱ ብታመልጥ የውርወራው ብልሽት ነው፤ የመያዙ አይደለም።

ቤዝቦል እንዲህ የሆነበት ምክንያት አለው። በፉትቦል ኳሷን የያዘ ሰው ይዟት ይሮጣል። በቤዝቦል ኳሷን የያዘ ሰው ሊያስወግዳት ይቸኩላል። ቤዝ (ሯጮች የሚረግጡት ማረፊያ) ላይ ያሉ ሯጮች አሉ፤ ኳሷ ቶሎ ወደ እነሱ መሄድ አለባት። ጥሩ ተከላካይ ኳሷ ጓንቱን ሳትነካ እግሩን ለውርወራው እያመቻቸ ነው። ይህን የሚያደርግ ሰው አንዳንዴ ኳስ ቢያመልጠው መቺውን ነፃ ማውጣት ጥሩ ተጫዋችን መቅጣት ይሆናል።

የኒው ዮርክ ጃይንትስ የቤዝቦል ቡድን ተጫዋች የነበረውን ዊሊ ሜይስን ይመልከቱ። ሴፕቴምበር 29 ቀን 1954፣ ኒው ዮርክ፣ ፖሎ ግራውንድስ። የወርልድ ሲሪስ (የቤዝቦሉ የፍጻሜ ግጥሚያዎች) የመጀመሪያው ጨዋታ ነው። ስምንተኛው ኢኒንግ (የጨዋታው ዙር)፣ 2 እኩል። ክሊቭላንድ ሁለት ሯጭ ቤዝ ላይ አለው፤ ገና አንድም አውት የለም። ቪክ ዌርትዝ ኳሷን ወደ ሜዳው ጥልቅ መሃል ይልካታል። ሜይስ ጀርባውን ለመቺው ሰጥቶ ይሮጣል። ይሮጣል። ወደ አጥሩ ሲቃረብ ኳሷ በትከሻው ላይ አልፋ ጓንቱ ውስጥ ትገባለች። ሰው ሁሉ የሚያስታውሰው ይህን ነው። እኔ የምወደው ቀጥሎ ያለውን ነው። ሳይቆም ይዞራል፣ በዚያው ሽክርክሪት ይወረውራል፣ ኮፍያው ይወልቃል፣ እሱም ይወድቃል። ሁለተኛ ቤዝ ላይ የነበረው ላሪ ዶቢ ሦስተኛ ድረስ ብቻ ደረሰ። ነጥብ አልተቆጠረም። ጃይንትስ በአሥረኛው ኢኒንግ 5 ለ 2 አሸነፉ። እንግዲህ በዚያ ሽክርክሪት መሃል ኳሷ ከመዳፉ ብታመልጠው ኖሮ ዌርትዝ ያው አውት ነው። ኳሷን ይዞ፣ አውጥቶ፣ ክንዱን ወደ ኋላ ወስዶ ነበርና።

ይህን ልማድ አንድ ጊዜ ነክተውት ነበር። በ2014 መጀመሪያ የሜጀር ሊግ ቤዝቦል ሪፕሌይን ሲያሰፋ ዳኞች ይበልጥ ጥብቅ ሆኑ። ኳሷ ከጓንት ወደ እጅ ስትዘዋወር ከወደቀች አልተያዘችም ማለት ጀመሩ። ግርግር ሆነ። ተከላካዩ ሦስት እርምጃ ሮጦ፣ ኳሷን ሊያወጣ ሲል ትወድቅበታለች፤ ሯጮቹ አውት መስሏቸው ወደ ቤዛቸው ተመልሰዋል፤ በድንገት ሁሉም ወደ ፊት መሮጥ አለባቸው። አንድ ወር እንኳ በቅጡ አልቆየም። ኤፕሪል 25 ወደ ድሮው አተረጓጎም ተመለሱ። ጥሩ አደረጉ። ተጫዋቾች ከልጅነታቸው ጀምሮ የለመዱትን ትርጉም በአንድ ክረምት ቀይሮ በቀስታ ምስል መቅጣት ፍትሕ አይመስለኝም።

አሁን ባለቤትዎ የሚወዱት ክፍል። ልጅዎ በቤዝቦሉ ሜዳ እንደ ፉትቦሉ ተወርውሮ ቢቀልብና ሲወድቅ ብታመልጠው ኖሮ ያው አልተያዘም ነበር። የቤዝቦል ሕግ ይህን በቃል ጽፎታል። እንደነካት ወዲያው ከሰው ጋር ወይም ከአጥር ጋር ቢጋጭ፣ ወይም ቢወድቅ፣ በዚያ ምክንያት ኳሷ ካመለጠችው አልያዘም። በዚህ ነጥብ ሁለቱ ስፖርቶች ወንድማማች ናቸው። ስለዚህ የልጅዎን ሁለት ኳሶች የለያቸው የስፖርቱ ስም ብቻ አይደለም። አንዷን መሬት አስለቀቀችው፤ ሌላዋን እሱ ለመወርወር ሲያወጣት ወደቀችበት። ዳኞቹ ደስ እንዳላቸው አልፈረዱም።

ኮፍያ አይቆጠርም ስላልኩ አንድ ነገር ልጨምር፤ የሁለቱ ልዩነት እዚህ ላይ ደስ ይላል። ፌብሩዋሪ 3 ቀን 2008 በሱፐር ቦውል፣ በኤንኤፍኤል የፍጻሜ ጨዋታ፣ የኒው ዮርክ ጃይንትሱ (የፉትቦሉ ቡድን) ዴቪድ ታይሪ ኳሷን በእጁ የራሱ ሄልሜት ላይ ለጥፎ ይዟት ወደቀ። 32 ያርድ። ጃይንትስ እስከዚያ ቀን በዚያ ዓመት ያልተሸነፈውን ኒው ኢንግላንድን 17 ለ 14 አሸነፉ። እጁ ኳሷን ስለተቆጣጠራት ሄልሜቱ መደገፊያ ቢሆን ሕጉ አልከለከለውም። ቤዝቦል ላይ ኮፍያውን አውልቆ ለመቅለብ የሞከረ ተከላካይ ግን መቅጫ አለው። ሜዳ ውስጥ ያለችን የተመታች ኳስ ሆን ብሎ በኮፍያው ከነካ መቺው ሦስት ቤዝ ይሰጠዋል። ልጆች ይህን ሲቀልዱ ያደርጉታል፤ ይንገሩት።

የቤዝቦል «መያዝ» ድሮ ከዚህም ይቀል ነበር። በ1845 የኒው ዮርኩ የኒከርቦከር ክለብ በጻፈው ሕግ ኳሷ አንዴ መሬት ነጥራ ብትቀለብም መቺው አውት ነበር። ያኔ ጓንት አልነበረም፤ በባዶ እጅ ነው። በ1864 መጨረሻ ክለቦቹ ተስማምተው ሜዳ ውስጥ የምታርፍ ኳስ በአየር ላይ ካልተያዘች አይቆጠርም አሉ። ዛሬ ልጅዎ የሚሮጥለት ያ ነው።

ከዚያ ወዲህ በመያዝ ዙሪያ ብዙ ቅርንጫፍ በቅሏል። ሁሉንም አልዘረዝርም። ሯጭ ከሆነ ግን አንዱን ማወቅ አለበት። በአየር ላይ የተመታች ኳስ ስትያዝ ሯጩ ከቤዙ መነሳት የሚችለው ተከላካዩ ኳሷን መጀመሪያ በነካት ቅጽበት ነው። እስክትያዝ መጠበቅ የለበትም። ይህ ባይሆን ተንኮለኛ ተከላካይ ኳሷን በጓንቱ እያንጠባጠበ ወደ መሃል ሜዳ ሊሮጥ ይችል ነበር፤ ሯጮቹ ታስረው ይቀሩ ነበር።

ካቸር (ከመቺው ኋላ ሆኖ የተወረወረችውን ኳስ የሚቀበለው) ከሆነ ደግሞ ሌላ አለ። መቺው ሦስተኛ ጊዜ ስቶ ካቸሩ ኳሷን መሬት ሳትነካ ካልያዘ፣ አንደኛ ቤዝ ባዶ ከሆነ ወይም ሁለት አውት ካለ፣ መቺው መሮጥ ይችላል። በትንንሾቹ እርከኖች ይህ ሕግ የማይሠራበት አለ፤ አሠልጣኙን ይጠይቁ። ኦክቶበር 12 ቀን 2005 ቺካጎ ላይ የዋይት ሶክሱ ኤ.ጄ. ፒርዚንስኪ በዘጠነኛው ኢኒንግ፣ 1 እኩል፣ ሁለት አውት እያለ ሦስተኛውን ሳተ። የኤንጅልሱ ካቸር ጆሽ ፖል ይዣታለሁ ብሎ ኳሷን ወደ ሜዳው መሃል አንከባለለና ወደ ወንበሩ መሄድ ጀመረ። ዳኛው ዳግ ኤዲንግስ ኳሷ መሬት ነክታለች ብሎ ነበር የፈረደው። ፒርዚንስኪ ዞር ብሎ ሮጠ። አንደኛ ቤዝ ደረሰ። በምትኩ የገባው ሯጭ ሁለተኛ ቤዝን ሰረቀ፤ ጆ ክሪድ መታ፤ ቺካጎ 2 ለ 1 አሸነፈ። ያን ዓመት ዋይት ሶክስ ዋንጫውን ወሰዱ። ለልጆቹ የምነግራቸው ቀላል ነው። ጥርጣሬ ካለ መቺውን በኳሷ ንካው። አንድ ሰከንድ ነው የሚፈጀው።

ዳኞች አይሳሳቱም እያልኩ እንዳይመስልዎት። እኔ ራሴ የተሳሳትኩበትን ቀን አልረሳውም። የ12 ዓመት ልጆች ጨዋታ ነበር፣ ቅዳሜ ጠዋት፤ ሣሩ ገና እርጥብ ነው። ሁለተኛ ቤዝ ላይ ሯጭ አለ። ኳሷ ወደ መሃል ሜዳ ከፍ ብላ ሄደች። አንድ ቀጭን ልጅ በሙሉ ፍጥነት ሮጦ ጓንቱን ዘረጋ። ኳሷ ስትገባ አየሁ። ጡጫዬን አነሳሁ፤ «አውት!» አልኩ። ልጁ ሁለት እርምጃ ሄዶ ተደናቀፈ፣ በሆዱ ወደቀ፣ ኳሷ ከጓንቱ ተንከባላ ወጣች። ሯጩ የእኔን ጡጫ አይቶ ወደ ቤዙ ተመልሷል። እኔ ደግሞ ያልተያዘን ኳስ ተይዟል ብያለሁ። ፍርዴን ቀየርኩ፤ ሯጮቹን የት ላድርግ የሚለው ሌላ ጭቅጭቅ ሆነ። ሁለቱም አሠልጣኞች ተቆጡ። ሁለቱም ልክ ነበሩ። የቸኮልኩት እኔ ነኝ፤ ዋጋውን የከፈሉት ልጆቹ ናቸው። ከዚያ ወዲህ ኳሷ ጓንት ውስጥ ስትገባ እጄን አላነሳም። ልጁ ቆሞ ኳሷን በሌላኛው እጁ ሲያወጣት እጠብቃለሁ። ወላጆች «ምን ይጠብቃል?» ሲሉ ይሰማኛል። የምጠብቀው ያንን ነው።

በሚቀጥለው ጨዋታ የዳኛውን እጅ ይመልከቱ። ፉትቦል ላይ ሁለት እጁን ከፊቱ እያጠላለፈ ወደ ጎን ካወዛወዘ አልተያዘም ማለቱ ነው። ቤዝቦል ላይ ጡጫ ከሆነ አውት፤ ሁለት ክንዱን አግድም ከዘረጋ አልተያዘም። ሯጮች ላሉበት ጨዋታ ይህ ምልክት ነፍስ ነው፤ ልጅዎም ሲሮጥ ኳሷን ትቶ ወደ ዳኛው እጅ ማየት ይልመድ።

ፍርዱ አልዋጥ ካላችሁ ምን ማድረግ ይቻላል? በልጆች ሊግ ብዙውን ጊዜ ሪፕሌይ የለም። ዳኛው ያየውን ነገር፣ ማለትም ወድቃ ነው ወይስ ሊወረውር ሲል ነው የሚለውን፣ መከራከር አይለውጠውም። ሕጉን በተሳሳተ መንገድ ከተረጎመ ግን ሌላ ነው። እሱን አሠልጣኙ ጨዋታው ሳይቀጥል ለአፍታ እንዲቆም ጠይቆ፣ ቀርቦ ሊያነሳ ይችላል። ስለዚህ አሠልጣኙ «ይዞ ነበር እኮ!» ከማለት ይልቅ «ምን አየህ?» ብሎ ይጠይቅ። እኔን እንዲህ ብሎ የጠየቀኝን ሰው ሁሉ ያየሁትን ነግሬዋለሁ። ከአጥር ማዶ ሆነው ባለቤትዎም ከጨዋታው በኋላ ቢጠይቁኝ እነግራቸው ነበር፤ ቡና ይዘው ከመጡ ደግሞ ካልቪን ጆንሰንን ጨምሬ።